«ሰኞ ሌሊት» መቼ ነው? ስለ ጊዜ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ማኅበረሰብ ጊዜን እንዴት እንደሚከፋፍል፣ እንደሚሰይምና እንደሚያስከብር የሚመረምር የጥናት ዘርፍ አለ፤ የማኅበራዊ ጊዜ ጥናት እንበለው። የጅማ ሰው በአንድ ቀን ውስጥ የሀገር ሰዓት፣ የፈረንጅ ሰዓትና የሂጅራ ቀን ስለሚጠቀም ጉዳዩ በየቤቱ አለ። ስህተቱ የሚመጣው ብዙ ጊዜ ከአንዱ ወደ ሌላው ሲሻገሩ ነው።

«ፀሐይ የምትወጣው 12 ሰዓት ላይ ነው።»
ቀንን ከንጋት ስለምንቆጥር እንዲህ ይመስለናል። የሀገሪቱ ሰዓት የተስተካከለው ግን በ45 ዲግሪ ምሥራቅ ኬንትሮስ ሲሆን ጅማ ያለችው 37ኛው ዲግሪ አካባቢ ነው። አንድ ዲግሪ 4 ደቂቃ ነውና ፀሐይዋ ከሰዓቱ 32 ደቂቃ ያህል ትዘገያለች። ጅማ ላይ እንደ ወቅቱ ከ12፡15 እስከ 12፡50 ባለው ጊዜ ትወጣለች። ማረጋገጥ የሚፈልግ በታኅሣሥ አጋማሽ 1 ሜትር በትር ቀጥ አድርጎ ይትከልና ከ6 ሰዓት ጀምሮ የጥላውን ጫፍ በየ5 ደቂቃው ምልክት ያድርግ። ጥላው በጣም የሚያጥረው 6፡30 ገደማ ነው፤ ርዝመቱ ያኔ 60 ሴንቲ ሜትር አካባቢ ይሆናል። በሚያዝያ መጀመሪያ ግን ፀሐይዋ ከአናት በላይ ስለምትውል ጥላ የለም ማለት ይቻላል፤ ልኬቱ አይሳካም።

«አዲስ አበባ ከመሸ ጅማም መሽቷል።»
ይህ ጾም የሚያበላሽ ስህተት ነው። ጅማ ከአዲስ አበባ 2 ዲግሪ ያህል ወደ ምዕራብ ስለምትገኝ ፀሐይ በአማካይ 8 ደቂቃ ዘግይታ ትጠልቃለች፤ እንደ ወቅቱ ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ይደርሳል። በሬዲዮ የአዲስ አበባውን የመግሪብ አዛን ሰምቶ ቴምር ያነሣ ሰው ያፈጠረው ከጊዜው በፊት ነው። ሱሁር (ከንጋት በፊት የሚበላው ምግብ) ላይ ስህተቱ አይጎዳም፤ አዲስ አበባ ቀድሞ ስለሚነጋ መብላት የሚቆመው ቀደም ብሎ ነው። ስልክ ላይ ያለው የሶላት ሰዓት «አዲስ አበባ» ተብሎ ተሞልቶ ከሆነ ወደ ጅማ ይቀየር።

«ረመዳን የራሱ ወቅት አለው።»
የለውም። የሂጅራ ዓመት 354 ወይም 355 ቀን ስለሆነ ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ገደማ ቀድሞ ይመጣል፤ ክረምቱንም በጋውንም በ33 ዓመት አዳርሶ ይመለሳል።

«ሰኞ ሌሊት ካልን ተግባብተናል።»
ብዙ መንገደኛ የሚጎዳው እዚህ ላይ ነው። በፈረንጅ አቆጣጠር ቀኑ የሚለወጠው በእኛ ሌሊት 6 ሰዓት ላይ ነው። የአውሮፕላን ትኬት «ማክሰኞ 01፡30» ካለ በእኛ ሌሊት 7፡30፣ ማለትም «ሰኞ ሌሊት» የምንለው ይሆናል። ሰዓቱን በትክክል አስልቶ ቀኑን የሚስት ሰው ማክሰኞ ማታ ሻንጣውን ይዞ ይወጣል፤ አውሮፕላኑ ግን ከሄደ አንድ ቀን ሊሞላው ነው። በመስጊድም በቤተ ክርስቲያንም ዕለቱ የሚጀምረው ከምሽት ስለሆነ የጁምዓ ሌሊት የሚባለው ሐሙስ ማታ ነው። አማርኛ ለዚህ ያማረ መፍትሔ አለው፦ «ለማክሰኞ አጥቢያ፣ ሌሊት 7፡30» ይበሉ።

«የሐበሻ ቀጠሮ፤ ለጊዜ ደንታ የለንም።»
ይህን አባባል አንቀበለውም። 8 ሰዓት ለተጠራ ስብሰባ የሚያረፍድ ሰው ለኢፍጣር፣ ለቀብር ወይም ቅጣት ላለው የዕድር ስብሰባ አያረፍድም። ልዩነቱ ማኅበረሰቡ የትኛውን ሰዓት እንደሚያስከብር ነው። እንግሊዛዊው የማኅበረሰብ አጥኚ ኢቫንስ ፕሪቻርድ በ1940 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው ጥናት ኑዌሮች ቀኑን የሚለኩት በከብት ሥራ ቅደም ተከተል መሆኑን ጽፏል። የጅማ ቡናም እንዲሁ ይለካል፦ ይታጠባል፣ ይቆላል፣ ይወቀጣል፣ ይፈላል፤ ከዚያ አቦል፣ ቶና፣ በረካ። ቶና ላይ የደረሰ ጎረቤት ስኒ ይቀዳለታል እንጂ ዘገየህ አይባልም፤ አቦል ጠጥቶ የተነሣ ግን ይታዘቡታል። ስለዚህ «ከቡና በኋላ» ብሎ የቀጠረ ሰው ጀበናው ከተጣደ አንድ ሰዓት ሳይሞላ ይመጣል ተብሎ አይጠበቅ፤ በረካ ሳይጠጣ አይነሣም።