ፈረዱልኝ ብሎ መተኛት

«ፈርደውልኛል እኮ፣ ታዲያ ብሬ የታለ?» ጅማ ላይ ጥብቅና ስሠራ እንደዚህ ያለ የሰለቸኝ ጥያቄ የለም። ሰው የፍርድ ግልባጩን ላስቲክ ያለብሰውና ቁም ሳጥን ውስጥ ያስቀምጠዋል፤ ከዚያ ፍርድ ቤቱ ገንዘቡን ሰብስቦ እስኪጠራው ይጠብቃል። አይጠራችሁም! ዳኛው ፈርዶ መዝገቡን ዘግቷል። የአፈጻጸም መዝገብ፣ ማለትም ፍርዱ በተግባር እንዲፈጸም የሚጠየቅበትን መዝገብ፣ የምትከፍቱት እናንተ ናችሁ።

ማመልከቻው ላይ ፍርዱ የተሰጠበት ቀን፣ ይግባኝ ተብሎ እንደሆነ፣ የተከፈለ ካለ ስንት እንደቀረና በምን መንገድ እንዲፈጸምላችሁ እንደምትፈልጉ ይጻፋል። ከሁሉም የሚከብደው ግን ንብረቱን መጠቆም ነው። «ምን አለው?» ስላቸው «ሀብታም ነው፣ አገር ያውቀዋል» ይሉኛል። አገር ማወቁ ምን ይሠራል? የቤቱ ካርታ በማን ስም ነው? የመኪናው ታርጋ ስንት ነው? የትኛው ባንክ ነው የሚያስቀምጠው? ይህን ካላመጣችሁ ችሎቱ ምን ይያዝላችሁ? ባለዕዳው ቀርቦ ስለ ንብረቱ እንዲጠየቅ ማመልከት ይቻላል፣ ግን የደበቀ ሰው በአንድ ጥያቄ ሁሉን አይናገርም።

አንድ የአጋሮ ቡና ነጋዴ ጀንፈል (ያልተፈለፈለ ደረቅ ቡና) በዱቤ ሸጠው ገንዘባቸውን ተከለከሉ፣ ከሰሱ፣ ረቱ። ከዚያ ቀጣዩ ለቀማ እስኪደርስ ዝም አሉ። እኔ ዘንድ ሲመጡ ባለዕዳው አይሱዙውን ሸጧል፣ መጋዘኑም ባዶ ነው። «ጋሼ፣ ይህን ሁሉ ጊዜ ምን ይጠብቁ ነበር?» ስላቸው «ይጠሩኛል ብዬ ነዋ» አሉኝ። ሕጉ አፈጻጸም ለመጠየቅ 10 ዓመት ይሰጣል፣ ያንን ሰምቶ የሚዝናና አለ። መኪና ለመሸጥ ግን አንድ ቀን ይበቃል። ባለዕዳው ንብረቱን ሊያሸሽ ነው ብላችሁ የምትሰጉበት ምክንያት ካለ ደግሞ ፍርድ እስኪሰጥ ሳትጠብቁ ንብረቱ እንዲያዝ ወይም እንዲታገድ ጠይቁ።

ሁለተኛው የሚያናድደኝ «አልከፍልም ካለ ችሎት ደፍሯል፣ ይታሰርልኝ» የሚለው ነው። ችሎት መድፈር በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 449 ተጽፏል፤ ሥራ ላይ ያለን ዳኛ ወይም ችሎት መሳደብ፣ ማላገጥ፣ ማስፈራራት፣ ማወክ ማለት ነው። እስከ 1 ዓመት ቀላል እስራት ወይም እስከ 3,000 ብር መቀጮ ያስከትላል፣ ዳኛውም እዚያው ሊቀጣ ይችላል። የተፈረደበትን ብር አለመክፈል በዋናነት የአፈጻጸም ጉዳይ ነው። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ባለዕዳ የሚታሰርበት ቀዳዳ አለ፣ ግን መክፈል እየቻለ እምቢ ላለ ነው እንጂ ለጨነቀው ድሃ አይደለም። ስለዚህ አቅሙን ሳታሳዩ «እሰሩልኝ» አትበሉ።

«ይግባኝ ብያለሁ፣ አይነኩኝም» የሚለው ደግሞ የባለዕዳዎች ነው። ይግባኝ ብቻውን አፈጻጸም አያቆምም፤ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ዕግድ ሲሰጥ ነው የሚቆመው። ዕግዱን ሳይዝ ቤቱ ሐራጅ ሲወጣ የሚደነግጥ ስንቱን አይቻለሁ።

«ደመወዙን ሙሉ ያዙልኝ»? አይሆንም፣ ከሲሶው አይበልጥም። አልጋው፣ ድስቱ፣ የሚሠራበት መሣሪያም አይነካም።

«ባለዕዳው ሞተ፣ ዕዳውም አብሮት ተቀበረ»? አልተቀበረም። ወራሾች በወረሱት ልክ ይከፍላሉ።

«ባለዕዳው ንብረቱን እንዳያሸሽ ዕግድ ወጥቷል፣ ቤቱ አይሸጥም» ብሎ ወረቀቱን ኪሱ የሚከት ሰውም አለ። ማዘጋጃ ቤቱ ሳያውቀው በምን ያግደው? የቤት ከሆነ ማዘጋጃ ቤት፣ የመኪና ከሆነ ትራንስፖርት ቢሮ የዕግዱ ደብዳቤ በዚያው ቀን ይድረስ፣ ከተቻለ ከመዝጊያ ሰዓት በፊት። መዝገብ ቤት መግባቱን አረጋግጡ፣ ቁጥሩን ያዙ፣ ማኅተም የተመታበትን ኮፒ ሳትቀበሉ ከመስኮቱ አትራቁ።