ዘመናዊው የአየርላንድ ግጥምና የቆመበት ትውፊት

ዘመናዊ የአየርላንድ ግጥም የሚባለው ከ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ወዲህ የአየርላንድ ደሴት ገጣሚዎች በአየርላንድኛና በእንግሊዝኛ ሲጽፉት የኖሩት ግጥም ነው። ደሴቲቱ ከ1921 ጀምሮ ነጻ በወጣችው አየርላንድና በብሪታንያ ሥር በቀረችው ሰሜን አየርላንድ መካከል የተከፈለች ብትሆንም፣ የሥነ ጽሑፍ ታሪክ ጸሐፊዎች የሁለቱን ወገን ገጣሚዎች አብዛኛውን ጊዜ በአንድ መዝገብ ያሰፍሯቸዋል። የመላዋ ደሴት ሕዝብ ዛሬም ሰባት ሚሊዮን ገደማ ነው፤ ከዚህ ሕዝብ መካከል ሁለት ገጣሚዎች፣ ዊሊያም በትለር ዬትስ በ1923 እና ሼመስ ሂኒ በ1995፣ የኖቤልን ሽልማት ተቀብለዋል። የሁለቱ ስም በዓለም ስለገነነ የአየርላንድ ግጥም በእነርሱ ተጀምሮ በእነርሱ የሚያበቃ የሚመስለው አንባቢ ጥቂት አይደለም። ሁለቱም ግን የጻፉት በእንግሊዝኛ ሲሆን፣ የወረሱት ሀብት ብዙው ክፍል የተከማቸው በአየርላንድኛ ነበር። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ተቀምጠዋል።)

የባለሙያ ገጣሚዎች ዘመንና ፍጻሜው

ከ1200 አካባቢ እስከ 17ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ድረስ ግጥም በአየርላንድ ከአባት ወደ ልጅ የሚወርድ ሙያ ነበር። «ፊሊ» እየተባለ የሚጠራው ገጣሚ ለረጅም ዓመታት የስንኝ ልክን፣ የዘር ሐረግንና የጥንት ታሪክን ከተማረ በኋላ ወደ አንድ ባላባት ቤት ይጠጋል፤ ጌታውን በሕይወት ሳለ ያወድሰዋል፣ ሲሞት ያለቅስለታል፣ ለድካሙም ከብትና መሬት ይሰጠዋል። የነፈገውን ባላባት ግን በነቀፌታ ግጥም ያዋርደዋል፤ ይህም እጅግ የሚፈራ ቅጣት ነበር። የስንኙ ሕግ ጥብቅ ነው፤ የቀለማቱ ብዛት የተወሰነ፣ የድምፆቹ አገጣጠም በየዓይነቱ የተደለደለ ነበር። በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የታተመ አንድ መግለጫ እንደሚለው፣ ተማሪዎቹ በጨለማ ክፍል ውስጥ ተጋድመው ግጥማቸውን በአእምሯቸው ያሰናዱ ነበር፤ መብራት የሚገባላቸው ያሰናዱትን ለመጻፍ ሲደርሱ ብቻ ነው። ሥራው ካለቀ በኋላም ገጣሚው ራሱ አያሰማውም፤ ሌላ ሰው በገና እየተደረደረለት በባላባቱ ፊት ይወጣዋል።

ሥርዓቱ የፈረሰው ባላባቶቹ ሲፈርሱ ነው። በ1601 የኪንሴል ጦርነት በእንግሊዝ ከተሸነፉ በኋላ የሰሜን መሳፍንት በ1607 ባሕር ተሻግረው ሲሰደዱ፣ በክፍለ ዘመኑ አጋማሽ ደግሞ በእንግሊዙ የጦር መሪ በክሮምዌል ዘመቻ መሬቱ ለሌሎች ሲታደል፣ ገጣሚው ደጅ የሚጠናበት ቤት አጣ። በ1729 ገደማ የሞተው ኤጋን ኦ ራሂላ ይህን ውርደት በራሱ ላይ ያየ ገጣሚ ነው። «አሽሊንግ» የሚባለው የግጥም ዓይነት በእርሱ እጅ ከፍ ያለ ደረጃ ደረሰ፤ በዚህ ዓይነት ግጥም አየርላንድ በሕልም ውብ ሴት ሆና ለገጣሚው ትገለጣለች፣ የራቀውን ንጉሥዋንም ትጠብቃለች። ከክሌር አውራጃ የወጣው ብራያን ሜሪማን በ1780 አካባቢ ይህንኑ ዓይነት ገልብጦ ከሺህ በላይ ስንኝ ያለው የሳቅና የድፍረት ግጥም ጻፈ፤ በሕልሙ የመጣችው ሴት ውብ ሳትሆን አስፈሪ የፍርድ ቤት መልእክተኛ ናት፣ የሚከሰሱትም ማግባት የፈሩ ወንዶች ናቸው። የግጥሙ የእንግሊዝኛ ትርጉም በ1940ዎቹ በነጻዋ አየርላንድ ሳንሱር ሲታገድ የአየርላንድኛው መጽሐፍ ሳይነካ መቅረቱ፣ መንግሥት የራሱን ብሔራዊ ቋንቋ ማን እንደሚያነበው ምን ያህል እንደገመተ ያሳያል።

የዚያ ክፍለ ዘመን ታላቁ ሥራ ግን ሙሾ ነው። በ1773 የኤይሊን ዱቭ ኒ ኮኔል ባል፣ በኦስትሪያ ጦር መኮንን የነበረው አርት ኦሊሪ፣ ከአንድ ዳኛ ጋር በገባበት ጠብ ተገደለ። በጊዜው ሕግ አንድ ካቶሊክ ከአምስት ፓውንድ በላይ የሚያወጣ ፈረስ መያዝ አይፈቀድለትም ነበር፤ ጠቡም በፈረሱ እንደተነሣ ይነገራል። ሚስቱ በሬሳው ላይ ያወረደችው ሙሾ በአልቃሾች አፍ ሲወርድ ቆይቶ በኋላ በጽሑፍ ሰፈረ። ሥራው የአንዲት ሴት ድርሰት ነው ወይስ የብዙ አልቃሾች እጅ ያለበት የለቅሶ ቤት ቅርስ ነው የሚለው ጥያቄ ምሁራንን ያከራክራል፤ በአየርላንድ አንባቢ ዘንድ ግን የኤይሊን ሆኖ ጸንቷል።

በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከ1845 ጀምሮ በድንች በሽታ የመጣው ረኃብ አንድ ሚሊዮን ገደማ ሰው ገደለ፣ ከዚያ የማያንስ ሕዝብም አሰደደ፤ አየርላንድኛ ተናጋሪው ድሃ ገበሬ ዋነኛው ተጠቂ በመሆኑ ቋንቋውም አብሮ ተመታ።

ተሐድሶው፣ ዬትስና 1916

በ1893 የተቋቋመው የጌሊክ ሊግ ማኅበር አየርላንድኛን ከመጥፋት ለማዳን ተነሣ። የማኅበሩ መሪ ዳግላስ ሃይድ፣ በኋላ በ1938 የአገሪቱ የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት የሆነው፣ ማኅበሩ በተቋቋመበት በ1893 የኮናክት ክፍለ ሀገርን የፍቅር ዘፈኖች ሰብስቦ ከእንግሊዝኛ ትርጉማቸው ጋር አሳተመ። ዬትስና ጓደኞቹ ከዚህ ሥራ ብዙ ቀድተዋል፤ ሃይድ ግን ከተቀዳበት ያነሰ ነው የሚጠቀሰው።

ዬትስ በ1865 በደብሊን ተወለደ፤ ከፕሮቴስታንት ቤተሰብ ነው። የልጅነት ዕረፍቱን ያሳለፈው በእናቱ አገር በስላይጎ ሲሆን፣ የዚያ አካባቢ ተራሮችና የመንፈስ ተረቶች እስከ መጨረሻው ከግጥሙ አልወጡም። አየርላንድኛ አያውቅም ነበር፤ የጥንት ጀግኖቹን ያገኛቸው በሌሎች ትርጉም ነው። በ1889 የመጀመሪያውን ዋና መጽሐፉን አሳተመ፣ በዚያው ዓመትም ከነጻነት ታጋይዋ ሞድ ጎን ጋር ተዋወቀ፤ ደጋግሞ ለጋብቻ ጠየቃት፣ ደጋግማም እምቢ አለችው። ከጸሐፌ ተውኔቷ ሌዲ ግሪጎሪ ጋር ሆኖ በ1904 በሩን የከፈተውን የአቢ ቴአትርን መሠረተ። በወጣትነቱ ሕልም ሕልም የሚሸተው ግጥሙ ከ1910ዎቹ ጀምሮ ሥጋው ተራግፎ አጥንቱ ወጣ፤ ቃሉ አጠረ፣ ንዴቱም ጎላ። በ1922 ሴናተር ሆነ፣ የአዲሲቱን አገር ሳንቲሞች ምስል የመረጠውን ኮሚቴም በሰብሳቢነት መራ። ምርጡን መጽሐፉን፣ «ግንቡ» የተሰኘውን፣ ያሳተመው በ1928 ስድሳውን ካለፈ በኋላ ነው። በ1930ዎቹ ወደ አየርላንድ ፋሽስታዊ እንቅስቃሴ ማዘንበሉ ብዙ ተጽፎበታል፤ ለእንቅስቃሴው መዝሙር መጻፉ የታወቀ ሲሆን፣ ፍቅሩ ግን እንዳልዘለቀ ወዳጆቹ ይናገሩለታል።

በዚህ ዘመን መካከል በብሪታንያ አገዛዝ ላይ የተነሣው የፋሲካው ዐመፅ አለ። በኤፕሪል 24 ቀን 1916 በደብሊን የሪፐብሊክ አዋጅ ከፈረሙት ሰባት ሰዎች መካከል ሦስቱ፣ ፓትሪክ ፒርስ፣ ቶማስ ማክዶናና ጆሴፍ ፕለንኬት፣ መጽሐፍ ያሳተሙ ገጣሚዎች ነበሩ። ፒርስ በሁለቱም ቋንቋዎች ይጽፍ ነበር፤ ማክዶና የዩኒቨርሲቲ መምህር ነበር፤ ሦስቱም በሜይ ወር መጀመሪያ በጥይት ተደብድበው ተገደሉ። ማክዶናን በግጥም ያለቀሰለት ፍራንሲስ ሌድዊጅ ደግሞ በዚያው ጊዜ የእንግሊዝን የወታደር ልብስ የለበሰ አየርላንዳዊ ነበር፤ በጁላይ 1917 በቤልጂየም ግንባር በመድፍ ተገደለ። ዬትስ ስለ ዐመፁ የጻፈውን ግጥም በሴፕቴምበር 1916 ጨርሶ ጥቂት ቅጂ ለወዳጆቹ ብቻ አሳተመ፤ ለሕዝብ ያወጣው በ1920 ነው። ግጥሙ ሙታኑን ያከብራል፣ መሞታቸው ግን ያስፈልግ እንደነበር ይጠይቃል። አራቱ አንቀጾቹ 16፣ 24፣ 16 እና 24 ስንኝ ያላቸው መሆኑ የዐመፁን ዓመትና ቀን ለማሰብ ታስቦ የተደረገ ነው የሚሉ ተንታኞች አሉ፤ አያጠራጥርም ባይባልም ልክነቱ ይገርማል።

ዬትስ በጃንዋሪ 1939 በደቡብ ፈረንሳይ ሞቶ እዚያው ተቀበረ። በ1948 በአየርላንድ የጦር መርከብ አጽሙ መጥቶ በስላይጎ አቅራቢያ በድረምክሊፍ አረፈ፤ የመጣው አጽም የእርሱ መሆኑን የሚጠራጠሩ አሉ፣ የፈረንሳዩ መቃብር በጦርነቱ ማግስት ተነቅሎ አጽሞች ስለተቀላቀሉ። ጎብኚዎች ግን መቃብሩን መሳለማቸውን አላቆሙም።

ከዬትስ ጥላ ሥር

ከእርሱ በኋላ የመጡት ከጥላው ለመውጣት ታግለዋል። ከሞናሃን አውራጃ የመጣው ገበሬ ፓትሪክ ካቫና (1904–1967) በ1942 ባሳተመው ረጅም ግጥም የገጠሩን ሰው እንደ ዬትስ የጥበብ ምንጭ አድርጎ ሳይሆን በመሬት፣ በእናትና በቤተ ክርስቲያን ታስሮ ያለ ሚስት የሚያረጅ ሰው አድርጎ አሳየው። ቤልፋስት የተወለደው ሉዊስ ማክኒስ (1907–1963) ኑሮው በለንደን ነበር፤ ኦስቲን ክላርክ ደግሞ የአየርላንድኛን የድምፅ አገጣጠም ወደ እንግሊዝኛ ስንኝ አሻገረ።

የአየርላንድኛ ዳግም ልደት

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት ዘመን ጀምሮ በአየርላንድኛ የተጻፈው ግጥም፣ ከአንባቢው ቁጥር ጋር ሲተያይ፣ የአገሪቱ እውነተኛ ኩራት ነው ማለት ይቻላል። የአራን ደሴቱ ተወላጅ ማርቲን ኦ ዲራን በደብሊን የመንግሥት ሠራተኛ ሆኖ ስለ ድንጋይና ስለ ናፍቆት ጻፈ። በሳንባ ነቀርሳ ሲማቅቅ የኖረው ሾን ኦ ሪርዳን በ1952 ያሳተመው የመጀመሪያ መጽሐፉ በዘመናዊ የጥርጣሬ መንፈስ የተሞላ በመሆኑ ቋንቋውን ወደ አዲስ ሜዳ አወጣው። ገጣሚዋ ማይራ ዋክ አን ቲ ግን የሚጽፈው አየርላንድኛ የተናጋሪዎቹን ለዛ የሳተ ነው ብላ ክፉኛ ተቸችው፤ ኦ ሪርዳን ቁስሉን እስከ መጨረሻው አልረሳውም። እርሷ ራሷ የ1956 መድበሏን የጻፈችው ከጥንቱ የፍቅር ግጥም በተወረሰ ጠንካራ ልሳን ነበር።

በ1970 የኮርክ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች በማይክል ዳቪት መሪነት «ኢንቲ» የተባለ የግጥም መጽሔት አወጡ፤ በገጾቹም የከተማ ወጣት፣ ሮክ ሙዚቃና አካላዊ ፍቅር በአየርላንድኛ ገቡ። ከዚህ ክበብ የወጣችው ኑላ ኒ ጎኒል በ1952 በእንግሊዝ አገር ተወልዳ በአምስት ዓመቷ ወደ ኬሪ አየርላንድኛ ተናጋሪ መንደር የተላከች ናት። አንድ የታወቀ ግጥሟ ቋንቋዋን በቅርጫት ተደርጎ በወንዝ ላይ ከተተወው ሕፃን ሙሴ ጋር ያመሳስለዋል፤ የፈርዖን ልጅ ታገኘው ይሆናል የሚል ተስፋ ብቻ ቀርቶታል። በ1990 የወጣው መድበሏ የአሥራ ሦስት ገጣሚዎች የእንግሊዝኛ ትርጉም ይዞ ነበር። በአንጻሩ ቢዲ ጄንኪንሰን በሚል የብዕር ስም የምትጽፈው ገጣሚ ሥራዋ በአየርላንድ ውስጥ ወደ እንግሊዝኛ እንዳይተረጎም ስትከለክል ኖራለች። ማይክል ሃርትኔት ደግሞ በ1975 እንግሊዝኛን ተሰናብቻለሁ ብሎ ዐሥር ዓመት ያህል በአየርላንድኛ ብቻ ጽፎ በኋላ ተመልሷል። በ2022 ሕዝብ ቆጠራ ከትምህርት ቤት ውጭ በየቀኑ አየርላንድኛ የሚናገረው ሰው 72 ሺህ ገደማ እንደነበር ሲታሰብ የእነዚህ ሰዎች ውሳኔ ክብደቱ ይገባል።

ሰሜን አየርላንድና ሂኒ

በ1963 የእንግሊዝ ተወላጁ መምህር ፊሊፕ ሆብስባም በቤልፋስት ባቋቋመው የግጥም ክበብ ሂኒና ማይክል ሎንግሊ ተገኝተዋል፤ ክበቡ ገጣሚዎቹን ፈጠራቸው ወይስ አገናኛቸው የሚለው ላይ ተሳታፊዎቹ ራሳቸው አይስማሙም። ሂኒ በ1939 በዴሪ አውራጃ ከካቶሊክ ገበሬና ከብት ነጋዴ ተወለደ፤ የዘጠኝ ልጆች ታላቅ ነበር። በ1966 የወጣው የመጀመሪያ መጽሐፉ አባቱ በአካፋ ሲቆፍር፣ ልጁ በብዕር ለመቆፈር ሲወስን ይጀምራል። ከ1969 ወዲህ ከአየርላንድ ጋር መዋሐድን በሚሹት ካቶሊኮችና ከብሪታንያ ጋር መቆየትን በሚሹት ፕሮቴስታንቶች መካከል የሰሜኑ ደም መፋሰስ ሲበረታ፣ በዴንማርክ ረግረግ ውስጥ ሳይበሰብሱ የተገኙትን የጥንት ሟቾች የዘመኑ ሙታን ምሳሌ አድርጎ በ1975 «ሰሜን» የተሰኘውን መጽሐፍ አሳተመ። የቤልፋስቱ ገጣሚ ኪያራን ካርሰን ግድያን ወደ ሥርዓተ መሥዋዕት ለውጦታል ብሎ ነቀፈው፤ ነቀፌታው ዛሬም ከመጽሐፉ ጋር አብሮ ይነሣል። በ1983 ሂኒ በብሪታንያ ገጣሚዎች መድበል ውስጥ መካተቱን በመቃወም ፓስፖርቱ አረንጓዴ፣ ማለትም የአየርላንድ፣ መሆኑን በግጥም አስታወቀ። በኦገስት 30 ቀን 2013 ሲሞት፣ ከሁለት ቀን በኋላ በደብሊን ክሮክ ፓርክ ለኳስ ጨዋታ የመጣው 80 ሺህ ገደማ ተመልካች ተነሥቶ አጨበጨበለት።

ፕሮቴስታንቱ ሎንግሊ የትሮይ ንጉሥ የልጁን ገዳይ እጅ የሳመበትን የሆሜር ታሪክ በዐሥራ አራት ስንኝ ጠቅልሎ በጋዜጣ ያወጣው በ1994 የተኩስ አቁም በታወጀ በቀናት ውስጥ ነው። ዴሪክ ማሆን፣ ሜቭ መጉኪያንና በ2003 የፑሊትዘርን ሽልማት ያገኘው ፖል መልዱን የዚሁ ሰሜን ልጆች ናቸው።

ሴቶችና ተቋማት

ኢቫን ቦላንድ (1944–2020) በአየርላንድ ግጥም ሴት የአገር ምልክት እንጂ ደራሲ ሳትሆን ኖራለች የሚል ክስ አቀረበች። ክሱን እውነት ያስመሰለው በ1991 የወጣው ባለ ሦስት ቅጽ የአየርላንድ ጽሑፎች ስብስብ፣ የፊልድ ዴይ መድበል ነው፤ ሴቶችን በማሳነሱ ቁጣ ተነሥቶ በ2002 ስለ ሴቶች ሥራ ብቻ ሁለት ቅጾች ተጨመሩበት።

የአየርላንድ መንግሥት ከ1969 ጀምሮ ደራሲያን ከፈጠራ ሥራቸው የሚያገኙትን ገቢ፣ ዛሬ እስከ ተወሰነ ጣሪያ ድረስ፣ ከገቢ ግብር ነጻ አድርጓል፤ በ1981 የተቋቋመው ኢስዳና የተባለው የከያንያን ማኅበር አባላቱ ከ250 የማይበልጡ ሲሆን፣ ገቢያቸው አነስተኛ ለሆነ አባላት ዓመታዊ ድጎማ ይሰጣል። በ2022 በተጀመረው ሙከራ ደግሞ ሁለት ሺህ የጥበብ ሰዎች በሳምንት 325 ዩሮ እንዲከፈላቸው ተደርጓል። የሂኒን የኖቤል ሽልማት ለማሰብ በ1998 የተመሠረተው የአየርላንድ የግጥም ፕሮፌሰርነት በቤልፋስቱ ኩዊንስና በደብሊን በሚገኙት ሁለት ዩኒቨርሲቲዎች፣ እንዲሁም በሰሜኑና በደቡቡ የኪነ ጥበብ ምክር ቤቶች የጋራ ወጪ ይንቀሳቀሳል፤ የመጀመሪያው ተሿሚ ጆን ሞንታጊው ሲሆን ሁለተኛዋ ኑላ ኒ ጎኒል ነበረች።