«አንክቹየስ»፦ ቅባት የበዛበት ትሕትና

«አንክቹየስ» የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል መዝገበ ቃላት «ቅባታም» ብሎ ሲፈታው አንባቢ ግራ ይጋባል። ስለ ሰው ሲነገር ግን ከልክ ያለፈ፣ ከልብ ያልሆነ ትሕትናና ሽንገላ ማለት ነው።

ሥሩ «መቀባት» የሚል የላቲን ግስ ነው፤ የቁስል ቅባት መጠሪያ የሆነው «ኦይንትመንት» የተባለው ቃልም ከዚያው ይወለዳል። ሕሙማንን በዘይት የመቀባት የቤተ ክርስቲያን ሥርዓት የእንግሊዝኛ ስሙን ያገኘው ከዚህ ሥር ስለሆነ፣ የቃሉ ቤተሰብ መንፈሳዊ ስሜትንም ይገልጽ ጀመር፤ ስሜቱ የይምሰል ሲሆን ደግሞ ወደ ነቀፋ ዞረ።

እጁን እያሻሸ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ «የእርስዎ ምርጫ እኮ ልዩ ነው!» የሚል ሻጭ አስቡ። አንክቹየስ የሚያሰኘው ውሸቱ ሳይሆን የድምፁ ልስላሴና ፈገግታው ነው። እያወቀ የዋህ መስሎ ለሚናገር «ዲስኢንጀንዩየስ» የሚባል ሌላ ቃል አለ። የእኛው «አፈ ቅቤ፣ ልበ ጩቤ» ለአንክቹየስ ይቀርባል፤ ለእኔ ግን ጩቤው ይበዛበታል። አንክቹየስ ሰው የግድ ክፉ አያስብም፣ ቅቤው ብቻ ይበቃዋል።

የምግብ ጸሐፊዎች ደግሞ ስቡ የቀለጠ፣ አፍ ውስጥ የሚሟሟ ሥጋን በዚሁ ቃል ያሞግሳሉ።