ዱካክ፦ አእምሮ ነቅቶ ሰውነት ሳይነቃ ሲቀር

ዱካክ የሚባለው፣ ሰው ከእንቅልፉ ነቅቶ ሳለ ለጥቂት ሰከንዶች ወይም ደቂቃዎች ሰውነቱ አልታዘዝ ሲለው የሚፈጠር ሁኔታ ነው። ብዙዎች ከቅዠት ጋር ያምታቱታል፤ በቅዠት ጊዜ ግን ሰውየው ተኝቷል፣ በዱካክ ጊዜ ጣሪያውንና አጠገቡ የተኛውን ሰው በትክክል እያየ ነው፤ አስፈሪነቱም ከዚህ ይመጣል።

ምክንያቱ እ.ኤ.አ. በ1953 የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎቹ አሰሪንስኪና ክላይትማን ከገለጹት፣ የተከደነ ዓይን በፍጥነት ከሚንቀሳቀስበት የእንቅልፍ ክፍል ጋር የተያያዘ ነው። ጉልህ ሕልም በብዛት የሚታየው በዚህ ክፍል ሲሆን፣ የምናልመውን በአካል እንዳንፈጽመው የአንጎል ግንድ የእጅና የእግር ጡንቻዎችን ያዝላል። ዝለቱ ሳይለቅ ንቃት ከቀደመ፣ ሕልሙ በተገለጠ ዓይን ፊት ይቀጥላል፦ በር ላይ የቆመ ጥላ፣ ደረት ላይ የተቀመጠ ክብደት፣ ከጉሮሮ የማይወጣ ጩኸት። ዋናው የመተንፈሻ ጡንቻ ዲያፍራም ግን ሥራውን ስለማያቋርጥ ትንፋሽ አይቆምም፤ ዱካክ ለሚይዛቸው ልጆች ከሁሉ አስቀድሞ ሊነገራቸው የሚገባው ይህ ይመስለኛል።

የእንቅልፍ እጦት፣ የተዛባ የመኝታ ሰዓትና በጀርባ መተኛት ያባብሱታል። ቀን ቀን የማይቋቋሙት እንቅልፍ የሚጥል፣ ወይም ሲስቁ ጉልበት የሚከዳ ከሆነ ግን ናርኮሌፕሲ የተባለው የእንቅልፍ ሕመም ሊሆን ስለሚችል ሐኪም ማየት ያስፈልጋል፤ የዚህ ሕመም ተጠቂዎች በሕልም የሰሙትን የዘመድ መርዶ እንኳ እውነት መስሏቸው ለቀናት ሊያዝኑ ይችላሉ፤ ይህንንም ለሐኪሙ ሳይደብቁ መንገር ለምርመራው ይረዳል።