ዓረቢዚ፦ በላቲን ፊደል የተጻፈ ዓረብኛ ፍለጋ ላይ ሲገባ

ዓረቢዚ ዓረብኛን በላቲን ፊደልና በቁጥር የመጻፍ ልማድ ነው። ስሙ «ዓረቢ» እና «ኢንግሊዚ» ከሚሉት ቃላት ተዳቅሎ የወጣ ነው። ግብፆች «ፍራንኮ» ይሉታል። የተስፋፋው እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ፣ ብዙ ኮምፒዩተርና ሞባይል ዓረብኛ በማይጽፍበት ዘመን ነው። የቴክስት ሒሳብም አግዞታል። በላቲን 160 ፊደል የሚይዝ አንድ መልእክት በዓረብኛ ፊደል 70 ብቻ ነው የሚይዘው።

ቁጥሮቹ ላቲን የሌለውን ድምፅ ይተካሉ። 3 ዓይን (ع) የተባለው የዓረብኛ ፊደል ነው፣ 7 ደግሞ ሓ (ح)። የተመረጡት በመልካቸው ነው፤ 3 ወደ ኋላ የዞረ ዓይን ይመስላል። ለእኛም ባዕድ አይደሉም፤ የግዕዙ ዐ እና ሐ ናቸው። አማርኛ ድምፃቸውን ጥሏል፣ ትግርኛ ግን ዛሬም ይለያቸዋል።

የኢንተርኔት ፍለጋ ላይ ችግሩ ይበረታል። አንድ ሰው በላቲን «ሰይፍ» ብሎ ቢጽፍ ሰይፍ ነው ወይስ በጋ? በዓረብኛ አንዱ በሲን፣ ሌላው በሷድ ይጻፋል። ጠንቃቃ ጸሐፊ ለሷድ 9 ያስገባል፤ ብዙ ሰው ግን አይጨነቅም። አጠገቡ «መላቢስ»፣ ማለትም ልብስ፣ ካለ ግን ነገሩ ለየ፤ የበጋ ልብስ ነው የሚፈለገው።

አገሩም ይለያያል። እኛም የምናውቃት «ቀልብ» በካይሮና በቤይሩት በ2 ትጀምራለች፤ ቃፍን እንደ አ ነው የሚጠሩት። ባሕረ ሰላጤው ላይ «ገልብ» ትሆናለች። ግብፅ ውስጥ ግን ገ የጂም ድምፅ ነው። ስለዚህ ግብፃዊ የጻፈው «ገመል» ግመል ነው፤ ወይም ረጅሙ አናባቢ ተውጦ «ውበት»፣ ካልሆነም የሰው ስም። ሞሮኮና ቱኒዚያ ደግሞ ሽን እንደ ፈረንሳይኛ ይጽፉታል። እኔ እንዲህ ያለውን አጻጻፍ ስህተት ብዬ አልጠራውም። ጸሐፊው ከየት እንደሆነ የሚናገር ምልክት ነውና።

እ.ኤ.አ. በ2007 የተጀመረው ያምሊ የተባለ የኢንተርኔት አገልግሎት ለዚሁ የተሠራ ነው። በላቲን የተጻፈውን ይቀበልና ሊሆኑ የሚችሉትን የዓረብኛ ቃላት ይደረድራል፤ ምርጫው የተጠቃሚው ነው። ስሙ «ያጽፋል» ማለት ነው።

ዓረብኛን ቤይሩት ወይም ጂዳ በሥራ ላይ፣ በጆሮ ብቻ የለመደች እህታችን ስትፈልግ ሌላ መልክ ይመጣል። 3 እና 7 አይኖሩም፤ አማርኛዋ ዓይንን ከአሊፍ፣ ሓን ከሃ አይለይምና። እንዲህ ያለው ጽሑፍ ሲያጋጥም ጮክ ብሎ ማንበብ ይሻላል። ዓይን ያላገኘውን ጆሮ ያገኘዋል።