ክትትል፣ ብቸኝነትና ሞት በሙከራ አጭር ፊልም፦ ከወሎ ሲታይ

የሙከራ አጭር ፊልም ታሪክን በተለመደው አካሄድ ከመተረክ ይልቅ የምስልን፣ የድምፅንና የጊዜን አጠቃቀም የሚፈትን፣ አብዛኛውን ጊዜ ከ40 ደቂቃ የማይበልጥ የፊልም ዓይነት ነው። በሌላ ዓይን ሥር መኖር፣ ብቸኝነትና ሞት በዘርፉ ደጋግመው ይነሣሉ። በአየርላንዳዊው ጸሐፌ ተውኔት በሳሙኤል ቤኬት ጽሑፍ ተሠርቶ በ1965 እ.ኤ.አ. የወጣው «ፊልም» የተሰኘ ሥራ፣ ተዋናዩ ባስተር ኪተን የሚጫወተው ሰው ከካሜራው ሲሸሽ፣ መስኮት ሲጋርድ፣ መስታወት ሲሸፍን፣ ውሻና ድመቱን ከክፍሉ ሲያስወጣ ያሳያል፤ በመጨረሻም ሲከታተለው የቆየው ራሱ ሆኖ ይገኛል። አሜሪካዊው የሙከራ ፊልም ሠሪ ስታን ብራኬጅ ደግሞ በ1971 እ.ኤ.አ. በአሜሪካዋ ከተማ በፒትስበርግ የአስከሬን ምርመራን ያለ ድምፅና ያለ ማብራሪያ ለ32 ደቂቃ አሳይቷል።

ወሎ ውስጥ ካሜራና ሞት የተገናኙት በሙከራ ፊልም ሳይሆን በረኃብ ዘገባ ነው። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረኃብ የቀረጸበትን ዘጋቢ ፊልም ደርግ ከንጉሣዊ ግብዣ ምስሎች ጋር አፈራርቆ በ1967 ዓ.ም. የዘመን መለወጫ ማታ በቴሌቪዥን አሳየው፤ በማግስቱ መስከረም 2 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። በጥቅምት 1977 ዓ.ም. ደግሞ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ከነበረችው ከኮረም ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚን የቀረጸው ምስል ዓለምን አነቃነቀ። ምስሎቹ እርዳታ ማምጣታቸው አይካድም፤ ሆኖም የቤኬት ሰው ቢያንስ የሚጋርደው መስኮት ነበረው፣ ሜዳ ላይ የወደቀው ረኃብተኛ ግን እንዴት እንደሚታይ የመወሰን ዕድል አላገኘም።

ከዚህም በላይ፣ በወሎ ሰው ብቻውን አይቀበርም። ቅሬ የሚባለው የቀብርና የመረዳጃ ማኅበር መርዶ እንደተሰማ አባላቱን ይጠራል፤ በብዙ ቦታ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ በአንድ ቅሬ ታቅፈው አንዱ ለሌላው መቃብር ይቆፍራሉ፣ ለቀስተኛ ያስተናግዳሉ። ቅሬ ክትትልም አለው፦ ከቀብር የቀረ ይታወቃል፣ ይቀጣል፣ ደጋግሞ ያጠፋም ሊገለል ይችላል፤ ከቅሬ መውጣት ደግሞ ከባድ ማኅበራዊ ቅጣት ነው። ስለዚህ ለደሴ ወይም ለኮምቦልቻ ተመልካች ባዶ ክፍል ውስጥ ብቻውን የተኛ ሬሳ የሚያሳይ ቋሚ ካሜራ ስለ ዘመናዊ ሰው ብቸኝነት ከመናገሩ በፊት ሌላ ጥያቄ ያስነሣል፤ ተመልካቹ አስቀድሞ የሚጠይቀው ሟቹ ምን ቢያጠፋ ነው ቅሬው ያልመጣለት ብሎ ነው።