የግል ተበዳይ ጠበቃ በወንጀል ችሎት ምን ይሠራል?

ሰሞኑን አንድ ጥያቄ ተደጋግሟል፦ «ተደብድቤ ጠበቃ አቆምኩ። ችሎት ላይ ግን የሚያወራው ዐቃቤ ሕጉ ብቻ ነው። ጠበቃው ብሬን በላው ማለት ነው?»

አይደለም። በአገራችን የወንጀል ክስ የመንግሥት ነው። ከሳሹ ዐቃቤ ሕግ ነው፤ ተበዳዩ በአብዛኛው ምስክር ነው። ስለዚህ ጠበቃው ተነስቶ «ጥፋተኛ ይባልልኝ» ብሎ አይከራከርም። ዝም አለ ብላችሁ አትፍረዱበት። የሕክምና ማስረጃ ያደራጃል፣ ምስክሮችን ይጠቁማል፣ መዝገቡ ሲጓተት ይከታተላል።

በሩ የሚከፈትለት በካሳ በኩል ነው። በ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 154 መሠረት፣ ተበዳዩ ካሳው እዚያው እንዲወሰንለት ክርክሩ ሲጀመር ማመልከት ይችላል። ጥርሱ የወለቀ ሰው የማስተከያውን ደረሰኝ አያይዞ ጠየቀ እንበል። ከተፈቀደለት ጠበቃው ስለ ካሳው ማስረጃ ያቀርባል፣ ምስክር ይጠይቃል። መፈቀዱ ግን እንደ መዝገቡ ነው። ዳኛው «ጉዳዩን ያጓትታል» ካሉ ጥያቄው ወደ ፍትሐ ብሔር ይሄዳል። ተከሳሹ በነጻ ሲለቀቅም እንደዚያው።

አንድ ለየት ያለ ነገር አለ። እንደ ስድብ ባሉ፣ በግል አቤቱታ ብቻ በሚያስከስሱ ወንጀሎች፣ ዐቃቤ ሕግ «ማስረጃው አይበቃም» ካለ ተበዳዩ ራሱ እንዲከስ በጽሑፍ ይፈቅድለታል። ያኔ ከሳሹ እናንተ ናችሁ፤ ወጪውም የእናንተው። ዳኛውም መጀመሪያ ሊያስታርቋችሁ ይሞክራሉ።